ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፦ ቅቡ ይምጣ፣ ዓሣው ግን ከጣና ይሁን

የተከበሩ ዋና አዘጋጅ፣

በጋዜጣችሁ የቤተሰብ ገጽ ላይ በቅርቡ «በምድጃ የተጋገረ ሳልመን ከእስያ ግሌዝ ጋር» በሚል ርእስ የወጣውን የምግብ አሠራር ሁለት ጊዜ ካነበብሁና ሁለት ጊዜ ከሠራሁ በኋላ ነው ይህን ደብዳቤ ለመጻፍ የተቀመጥሁት። ለብዙ ዓመታት የቤት አያያዝ ትምህርት ሳስተምር ቆይቼ አሁን በጡረታ ላይ የምገኝ የባሕር ዳር ነዋሪ ነኝ፤ ከቤቴ እስከ ሐይቁ ዳር በእግር ሩብ ሰዓት ቢፈጅ ነው። ጽሑፉ ዋጋ የለውም ለማለት አልተነሣሁም። እንዲያውም የሶያ ሶስ፣ የማር፣ የዝንጅብልና የነጭ ሽንኩርት ቅንብሩን ከዚህ በፊት ሳላውቀው በመቆየቴ ተቆጭቻለሁ። ቅሬታዬ አሠራሩ ከሌላ አገር ወጥ ቤት እንዳለ ተነሥቶ፣ አንዳች ማስተካከያ ሳይደረግበት እኛ ፊት መቅረቡ ላይ ነው። ሳልመን በጣና የለም፤ ዘመዱ የሆነው ትራውት ከውጭ መጥቶ በባሌ ተራሮች ወንዞች ውስጥ ተለቋል እንጂ ሳልመኑ ራሱ በአገራችን ውኃ አይገኝም። ስለዚህ ጽሑፉ ሊያስተምረን ይገባው የነበረው ቅቡን ነው፤ ቅቡ በእኛ ዓሣ ላይ ሲያርፍ ደግሞ የጨው መጠን፣ የምድጃው ሰዓትና ማሩ የሚገባበት ጊዜ ሁሉ ይለወጣል።

አስቀድሜ ስለ ስሙ ጥቂት ልበል። «ግሌዝ» የተባለውን በዚህ ደብዳቤ «ቅብ» እያልሁ እጠራዋለሁ። በብሩሽ ወይም በማንኪያ ጀርባ ምግቡ ላይ የሚቀባ፣ እሳት ሲነካውም የሚያብረቀርቅ ነገር ስለሆነ ማንም አንባቢ ይረዳዋል፤ «ስልስ» እንዳልለው ስልስ የሚጨለፍ እንጂ የሚቀባ አይደለም። «የእስያ» የሚለው አባባልም ከቻይና እስከ ጃፓን፣ ከኮሪያ እስከ ታይላንድ ያለውን ማዕድ ሁሉ በአንድ ከረጢት የሚከት ነው። ጽሑፋችሁ ውስጥ ያለው ዓይነት ለጃፓኖች ቴሪያኪ የቀረበ ነው። በጃፓንኛ «ቴሪ» ማብረቅረቅ፣ «ያኪ» ደግሞ በእሳት መጥበስ ማለት ሲሆን፣ ስሙ የወጣው ለአሠራሩ እንጂ ለዓሣው አይደለም። ጃፓኖች ቡሪ የሚሉትን የባሕር ዓሣ በሶያ ሶስ፣ በስኳር፣ ሳኬ በሚባለው የሩዝ መጠጥና ሚሪን በሚባለው ጣፋጭ ዘመዱ እየቀቡ ይሠሩታል፤ ማርና ነጭ ሽንኩርት የሚገባበት መልክ በይበልጥ የተለመደው ከጃፓን ውጭ ባሉ ቤቶች ነው። እንግዲህ ጃፓናዊቷ ከባሕሯ የወጣውን ዓሣ ከቀባች፣ ሌላዋም ሚሪኑን ትታ ማር ካስገባች፣ የባሕር ዳሯ ሴት ቆሮሶ፣ ማለትም ቲላፒያ የሚባለውን የሐይቋን ዓሣ፣ ብትቀባ ምን ነውር አለው?

የሁለቱ ዓሦች ልዩነት ግን የስም ብቻ አይደለም። በበረዶ ታሽጎ ወደ ትልልቅ ሱቆች የሚመጣው ሳልመን አብዛኛው በኖርዌይና በቺሊ ባሕር ውስጥ በተዘረጋ መረብ እየተመገበ የሚረባ ነው፤ ከ100 ግራም ሥጋው 13 ግራም ያህሉ ስብ ነው። የቆሮሶ ሥጋ ግን በ100 ግራም ውስጥ 2 ግራም ስብ እንኳ አይሞላውም። ለወጥ ሠሪዋ ይህ ስብ እንደ ዋስ ነው። ሳልመን ምድጃ ውስጥ አምስት ደቂቃ ቢቆይባት ስቡ እየቀለጠ ሥጋውን ያረጥብላታል፣ ቆሮሶ ግን በዚያችው አምስት ደቂቃ ቋንጣ ይሆንባታል። ከዚህም ሌላ ሳልመን የሚጋገረው ሁለት ሦስት ጣት ያህል በሚወፍር ቁራጭ ሲሆን፣ የቆሮሶ ፊሌቶ ውፍረት ግን ጠርዙ ላይ ከአንድ ጣትም ያንሳል። ጽሑፋችሁ «በ200 ዲግሪ ለ15 ደቂቃ» ብሎ ሲያበቃ የትኛውን ውፍረት ማለቱ እንደሆነ አልተናገረም። ያ ሰዓት ለቀጭን ፊሌቶ የበዛ፣ ሆድ ዕቃው ወጥቶ ሙሉውን ለሚጋገር ዓሣ ደግሞ የማይበቃ ነው።

የመጀመሪያውን ሙከራዬን ልንገርዎ። እሑድ ልጄና ባሏ ለምሳ ይመጡ ስለ ነበር ቅዳሜ ማታ ሁለት ቆሮሶ ገዛሁ። እንደ ልማዳችን በሎሚና በጨው አሽቼ አጠብሁና፣ ጽሑፉ «ሌሊቱን በሙሉ በቅቡ ውስጥ ይደር» ስለሚል በሶያ ሶስና በማር ዘፍዝፌ አሳደርሁት። ጠዋት ማቀዝቀዣውን ስከፍት ነጭ የነበረው ሥጋ የቡና መልክ ይዞ፣ በጣት ሲጫኑት የማይበገር ጠንካራ ነገር ሆኖ አገኘሁት። ምድጃ ከገባ በአሥረኛው ደቂቃ ቤቱን የተቃጠለ ስኳር ሽታ ሞላው። ጭራው ከሰለ፤ ትሪው ላይ የወረደው ማር እንደ ሬንጅ ደርቆ ተጣበቀ፤ ጀርባው ግን አጥንቱ አጠገብ ገና ጥሬ ነበር። የልጄ ባል ጨዋ ነው፤ ሁለት ጊዜ ጎርሶ፣ «እማዬ፣ እጅዎ ይባረክ» ካለ በኋላ ትንሽ ዝም ብሎ «ውኃ ይኖራል?» አለኝ። ሦስት ብርጭቆ ጠጣ። ትሪውን ለማስለቀቅ እኔ ሁለት ቀን ፈጅቶብኛል።

ጥፋቱ የጀመረው ከጨው ነው። ሶያ ሶስ በ100 ሚሊ ሊትር ውስጥ 16 ግራም ያህል ጨው ይይዛል፤ አንድ የሾርባ ማንኪያው ብቻ ወደ 2 ግራም ተኩል ጨው አለው ማለት ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ለአንድ አዋቂ ሰው በቀን ከ5 ግራም ያነሰ ጨው እንዲወስድ የሚመክር በመሆኑ፣ ሁለት ማንኪያ ሶያ ሶስ የቀኑን ድርሻ ይጨርሰዋል። የእኛ አገር ሴት ዓሣን በሎሚና በጨው ሳታሽ አታጥብም፤ ያለዚያ ጠረኑ የሚወጣላት አይመስላትም። አሠራሩ በተጻፈበት አገር ይህ ልማድ ስለሌለ ጸሐፊው «ዓሣውን አስቀድማችሁ ጨው አትንኩት» ብሎ ማስጠንቀቅ አላስፈለገውም። ለእኛ ግን የጽሑፉ የመጀመሪያ መሥመር ሊሆን የሚገባው ይኸው ነበር። በጨው ላይ ጨው ሲደረብና ሌሊቱን ሲያድር፣ ጨው ከቀጭኑ ሥጋ ውስጥ ውኃውን መጥጦ ያወጣዋል፤ ሎሚውም ሥጋውን ያጨማድደዋል። ቋንጣ ስንሰቅል የምናደርገውን በዓሣ ላይ አድርጌ፣ ለምን ደረቀ ብዬ መገረሜ ራሴንም አሳፍሮኛል። አሁን ጠረኑን ለማውጣት በሎሚ ብቻ ፈጥኜ አሽቼ ወዲያው በቀዝቃዛ ውኃ አለቀልቀዋለሁ፤ ከዚያም በንጹሕ ጨርቅ አደርቀዋለሁ። ገጹ እርጥብ የሆነ ዓሣ ቅብ አይዝም።

ስለ ሶያ ሶሱ አንድ ነገር ልጨምር፤ ለመግዛት የሚሄዱ አንባቢዎች ይጠቅማቸዋልና። በሱቆቻችን መደርደሪያ ላይ ሁለት ዓይነት ጠርሙስ ጎን ለጎን ይቆማል። አንደኛው አኩሪ አተርና ስንዴ ከጨውና ከውኃ ጋር ለወራት ፈልቶ የወጣ ነው፤ ሌላው ግን የአኩሪ አተሩ ፕሮቲን በአሲድ ተፈርክሶ በስኳር ቀለም የተጠቆረ ነው። የመጀመሪያው ሽታው ከጠላ ጥንስስ ጋር ዘመድ የሆነ ደስ የሚል ጠረን ሲኖረው፣ ሁለተኛው ጨውና ምሬት ብቻ ነው። በጠርሙሱ ጀርባ ላይ አኩሪ አተር፣ ስንዴ፣ ጨውና ውኃ የሚል አጭር ዝርዝር ካለ የመጀመሪያው መሆኑን ታውቃላችሁ። ስልጆ የምታፈላ ሴት ይህን ለመረዳት አትቸገርም፤ ባቄላውን፣ ሱፉንና ሰናፍጩን አዋሕዳ በጊዜ የምታበስለው እርሷ ራሷ አይደለችምን? አኩሪ አተር እንደሆነ በፓዊ የምርምር ማዕከል ሲጠና፣ በምዕራቡ የአገራችን ቆላማ ክፍልም ሲዘራ የቆየ ሰብል ነው፤ ከእርሱ የሚፈላው ሶስ እስካሁን ከውጭ በጠርሙስ የሚመጣልን መሆኑ ሁልጊዜ ያስገርመኛል።

ሁለተኛው ጥፋት ማሩ ቀድሞ መግባቱ ነበር። በማር ውስጥ በብዛት የሚገኘው ፍሩክቶስ የተባለው ስኳር ከ110 ዲግሪ ጀምሮ መቅላትና መጥቆር የሚጀምር ሲሆን፣ ሻይ ውስጥ የምንጨምረው ተራ ስኳር ግን እስከ 160 ዲግሪ ገደማ ይታገሣል። ዓሣው እርጥበቱን እስካልጨረሰ ድረስ ገጹ ብዙ አይግልም፤ ትሪው ላይ የወረደው ማርና ቀጭኑ ጭራ ግን ወዲያውኑ የምድጃውን ሙቀት ይይዛሉ። መድኃኒቱ ቀላል ነው። ዓሣው በጥቂት ዘይት ብቻ ተቀብቶ ምድጃ ይገባና ሊበስል ጥቂት ሲቀረው ወጥቶ ቅቡ ይቀባል፣ አራት ደቂቃ ያህል ተመልሶ ይገባል፣ እንደገና ይቀባል። ሁለት ስስ ቅብ ከአንድ ወፍራም ቅብ ይበልጣል፤ የመጀመሪያው ይይዛል፣ ሁለተኛው ያበራል።

ጽሑፋችሁ ቅቡን «ለ3 ደቂቃ አፍሉ» ይላል። ባሕር ዳር ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,800 ሜትር ከፍታ ላይ ያለች በመሆኗ እዚህ ውኃ የሚፈላው በ94 ዲግሪ ገደማ ነው፤ እሳቱም ድስቱም ከቤት ቤት ይለያያል። ስለዚህ ደቂቃ ከመቁጠር ይልቅ ማንኪያ ይመስክር። የእንጨት ማንኪያ ነክሮ አውጥቶ ጀርባውን በጣት ማስመር ነው፤ መሥመሩ ተመልሶ ካልተዘጋ ቅቡ ደርሷል። ሲበርድ ደግሞ ይበልጥ ይወፍራልና በትኩስነቱ ትንሽ ቀጠን ብሎ ቢወርድ አይከፋም። እኔ የመጀመሪያውን ጊዜ እስኪወፍር ጠብቄ፣ ሲበርድ ማንኪያው ቆሞ የሚቀር ነገር ሆኖብኝ ነበር።

አሁን ወደ ዓሣው ልመለስ፤ ዋናው ጉዳይ እርሱ ነውና። ሐይቁ ዳር ዓሣ የሚያርዱት ልጆች ቢላዋቸውን ይዘው የሚጠይቁት የመጀመሪያ ጥያቄ፣ «እማማ፣ ለጥብስ ነው ለወጥ?» የሚል ነው። ለወጥ ከሆነ ይቆራርጡታል፤ ለጥብስ ከሆነ ቅርፊቱን ጠርገው፣ ሆድ ዕቃውን አውጥተው፣ ጎኑን ከጀርባ ወደ ሆድ እያገደሙ በሁለት በኩል ይሸነታትሩታል። ለጉላሽ፣ ለኮተሌትና ለዱለት ደግሞ ሥጋውን ከአጥንት ለይተው በፊሌቶ ያወጡታል። በሁለተኛው ሙከራዬ ዕለት፣ «ለምድጃ ነው» ስለው ልጁ ቢላዋውን ይዞ ቆም አለና፣ «ለምድጃ የሚባል አቆራረጥ የለንም፣ እማማ» ብሎ ሳቀ። ተነጋገርንበት። እንደ ጥብስ ይሸንትረው፣ ነገር ግን መሥመሩን ጠጋ ጠጋ ሳያደርግ በሁለት ጣት ርቀት ይክፈተው፣ ቢላዋውም እስከ አጥንቱ ይድረስ አልሁት። ለጥብስ የሚቆረጠው ጥቅጥቅ ያለ ሽንትር የፈላ ዘይት ገብቶ እንዲያከስመው ታስቦ ነው፤ በምድጃ ግን በዚያ ሁሉ ቀዳዳ የዓሣው ውኃ ተንኖ ያልቃል። በሁለት ጣት ርቀት ሲከፈት ሥጋው እርጥበቱን ይዞ ይቆያል፣ ሙቀቱ እስከ ጀርባ አጥንቱ ይደርሳል፣ ቅቡም በየስንጥቁ ገብቶ ይቀመጣል። ከመላው አሠራር ውስጥ ለውጡን ያመጣው ይህ ቢላዋ ነው ብል አልተሳሳትሁም።

ይህ ያልሁት ለቆሮሶ ነው። ነጭ ዓሣ የተገዛ እንደሆነ ነገሩ ይገለበጣል፤ ሥጋው ጣፋጭ ቢሆንም በመካከሉ እንደ መርፌ የቀጠኑ፣ ጫፋቸው የተሰነጠቀ አጥንቶች ስላሉበት፣ ቢላዋው ጥቅጥቅ ብሎ ካልወረደና እነዚያን አጥንቶች «ቅጭ ቅጭ» እያደረገ ካልሰባበራቸው ለልጆች አደገኛ ነው። ሥጋው ሲሸነተር ስለሚደርቅም ለዚህ ቅብ እኔ አልመርጠውም። ሌላም ምክንያት አለኝ። ነጭ ዓሣ ብለን በአንድ ስም የምንጠራው በጣና ውስጥ ከ15 የማያንሱ ዝርያዎች ያሉት ሲሆን፣ ብዙዎቹ በሌላ በየትም የማይገኙ ናቸው። ከእነርሱም ገሚሱ ያህሉ ልክ እንደ ሳልመን በክረምት ወራት ወደ ጉማራ፣ ወደ ርብ፣ ወደ መገጭና ወደ ገልዳ ወንዞች ሽቅብ ወጥተው እንቁላላቸውን ይጥላሉ። መረብ የሚዘረጋባቸውም በዚሁ ጊዜ፣ ወንዙ ከሐይቁ በሚገናኝበት አፍ ላይ ነው። በተመራማሪዎች ጥናት መሠረት ከ1990ዎቹ መጀመሪያ እስከ 2001 እ.ኤ.አ. ባሉት ዓመታት ብቻ የእነዚህ ዓሦች ብዛት በሦስት አራተኛ ያህል ቀንሷል። ሆዱ በእንቁላል ያበጠ ነጭ ዓሣ በሐምሌና በነሐሴ ሲቀርብልኝ ዋጋውን ሳልጠይቅ አልፈዋለሁ።

ለሳልመኑ ቁራጭ ይበልጥ የሚቀርበው፣ ብዙ ሰው አይወደውም እንጂ፣ አምባዛ ነው። ወፍራም ነው፣ ቀጫጭን አጥንት የለውም፣ ሥጋው ጠንካራ ስለሆነ ቅቡን ተሸክሞ ይቆማል። ቅርፊት ስለሌለው በኦሪቱ ሕግ ምክንያት የማይበሉት ቤተሰቦች እንዳሉ አውቃለሁ፤ እኔም ለእንግዳ ሳልጠይቅ አላቀርበውም። የሚበላው ሰው ግን ጥቁሩን ሥጋና ቢጫ ስቡን ቢላዋ አስገብቶ ቢያወጣለት የጭቃ ጠረኑ ይጠፋል፤ ከዚያ በኋላ የጽሑፋችሁን አሠራር ከጨው በቀር እንዳለ ቢከተል ብዙ አይስትም።

ሁለተኛው ሙከራዬ መብራት ባይጠፋ ኖሮ እንደዚያ ባልተሳካ ነበር። ሁለቱ ቆሮሶዎች የኤሌክትሪክ ምድጃው ውስጥ ከገቡ ስምንት ደቂቃ እንኳ አልሞላቸውም፤ ጭል ብሎ ጠፋ። ግማሽ ሰዓት ጠበቅሁ ብል ዓሣው በሞቀ ምድጃ ውስጥ እየላመ ሊበላሽብኝ ሆነ። ልጄ «ጥለሽ እንቁላል እንሥራ» ስትል፣ ለእኔ ግን ድፎ ዳቦ ትዝ አለኝ። ጓሮ ከሰሉን አያያዝሁ፣ ምጣዱን ጣድሁ፣ ሁለት የኮባ ቅጠል አንጥፌ ዓሣውን አጋደምሁበት፤ በአሮጌው ምጣድ ከደንሁና በላዩ ላይ ፍም አስቀመጥሁ። በእኛ አገር ሰው ሲጨነቅ «እንደ ድፎ ዳቦ እሳት ከላይ እሳት ከታች» ይላል፤ ቅብ ለሚቀባ ዓሣ ግን የሚፈለገው ይኸው ነው። የታችኛው እሳት ያበስለዋል፣ የላይኛው ፍም ቅቡን ያበራዋል። ከአሥር ደቂቃ በኋላ ክዳኑን አንሥቼ የመጀመሪያውን ቅብ ቀባሁ፤ ከአራት ደቂቃ በኋላ ሁለተኛውን። ሦስተኛ ጊዜ ስከፍተው ማሩ በየስንጥቁ ጠርዝ ላይ ትንንሽ አረፋ እየሠራ ይንጣጣ ነበር፤ የዓሣው ጎን እንደ ተወለወለ የቆዳ ጫማ ያበራል፣ የወረደውን ሁሉ ቅጠሉ ተቀብሎት ምጣዱ ንጹሕ ነው። በዚህች ከተማ የኤሌክትሪክ ምድጃ ያለው ቤት ጥቂት ነው፤ ምጣድና ኮባ ቅጠል ያጣ ቤት ግን አላውቅም። ይህን መንገድ ጋዜጣችሁ ቢያወጣው ከምድጃው ይልቅ ብዙ አንባቢ ይደርስበት ነበር።

መጠኑን ለሚፈልጉ፣ ሁለቱም ተጠርገው አንድ ኪሎ ለሚሆኑ ሁለት ቆሮሶዎች እኔ የረጋሁበት ልክ ይህ ነው። በትንሽ ድስት ሦስት የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ፣ ሦስት ማንኪያ ማር፣ ሁለት ማንኪያ ውኃ፣ አንድ ማንኪያ የተፈቀፈቀ እርጥብ ዝንጅብልና በደንብ የተወቀጠ ሦስት ፍሬ ነጭ ሽንኩርት በለስላሳ እሳት አፍልቼ፣ ማንኪያው ሲመሰክር አወርደዋለሁ። የሩዝ አቼቶ የሚለውን ትቼ አንድ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ ከወረደ በኋላ እጨምርበታለሁ፤ አብሮ ከፈላ ሽታው ይጠፋልና። ለዚህ የዘጌ ሎሚ የተመረጠ ነው። የሰሊጥ ዘይቱን ፍለጋ ሱቅ ለሱቅ መዞርም አያስፈልግም፤ ከመተማ በኩል የሚመጣውን ሰሊጥ በምጣድ ቀላ እስኪል ቆልቶ ግማሹን መውቀጥና ቅቡ ውስጥ መጨመር፣ ግማሹን ደግሞ ዓሣው ሲወጣ ከላይ መበተን ያንኑ ጠረን ይሰጣል። ሚጥሚጣ በጫፍ ማንኪያ በቂ ነው። ምድጃ ላለው ሰው 200 ዲግሪ ላይ አስቀድሞ አሙቆ፣ ዓሣውን በዘይት ብቻ ቀብቶ 15 ደቂቃ፣ ከመጀመሪያው ቅብ በኋላ አራት ደቂቃ፣ ከሁለተኛው በኋላ አራት ደቂቃ። ዓሣውን የቀባንበትን ብሩሽ የነከርንበት ትርፍ ቅብ ለማዕድ የሚቀርብ ከሆነ እንደገና መፍላት አለበት፤ እኔ አስቀድሜ ጥቂት በሌላ ሳሕን እለያለሁ።

አብሮት የፎገራ ሩዝ ይሄዳል። እንጀራ ሞክሬ ነበር፤ የእንጀራው ኮምጣጣነትና የቅቡ ጣፋጭነት አልተስማሙም። ቅቤ የማይገባበት በመሆኑ በጾም ቀን ለሚበሉት የሚመች ነው፤ ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር ግን ለሊቃውንቱ እተዋለሁ።

በጽሑፋችሁ ውስጥ ዝም ብዬ የማላልፈው አንድ ዓረፍተ ነገር አለ። «መካከሉ ሙሉ በሙሉ ሳይበስል፣ ለስላሳና እርጥብ እንዳለ ይውጣ» ይላል። ሳልመን በዚያ መልክ የሚበላባቸው አገሮች አሉ፤ ነገር ግን እንዲህ ዓይነት ዓሣ ጥገኛ ትሎች እንዲሞቱ አስቀድሞ በከፍተኛ ቅዝቃዜ የሚቆይበት ሥርዓት አላቸው። በአውሮፓ ኅብረት ሕግ ለምሳሌ ጥሬውን ለሚበላ ዓሣ ከዜሮ በታች 20 ዲግሪ ቢያንስ ለ24 ሰዓት ነው። ከጣና ጠዋት ወጥቶ ቀትር ላይ ድስት የሚገባ ዓሣ ይህን አላለፈም፤ በሐይቃችን ዓሦችም ላይ ጥገኛ ትሎች መኖራቸው የታወቀ ነው። የእኛ ዓሣ እስከ አጥንቱ መብሰል አለበት። ቴርሞሜትር ያለው 63 ዲግሪ ይጠብቅ፤ የሌለው የቢላዋውን ጫፍ በጀርባ አጥንቱ በኩል አስገብቶ ይመልከት። መስታወት የመሰለው ሥጋ ሙሉ በሙሉ ነጭ ሆኖ ከአጥንቱ ያለ ትግል ከተላቀቀ በስሏል። ሳልመን ቀለሙ ራሱ እየደበዘዘ መብሰሉን ይናገራል፤ ቆሮሶ ያንን አያደርግም፣ በተለይም ቡናማ ቅብ ከላይ ሲሸፍነው ከውጭ ተመልክቶ ማወቅ አይቻልም።

ስለዚህ ዝግጅት ክፍሉን የምጠይቀው ከባድ ነገር አይደለም። ከውጭ የሚመጣ የምግብ አሠራር ሲወጣ ከመታተሙ በፊት አንድ ሰው፣ በሚኖርበት ከተማ ገበያ በሚገኝ ዓሣና ባለው እሳት፣ አንድ ጊዜ ሠርቶት ይሞክረው። የሐዋሳው ሰው በሐዋሳው፣ የዝዋዩ በዝዋዩ፣ እኛም በጣናው ዓሣ ብንሞክረው ሦስት ዓይነት ልክ ሊወጣ ይችላል፤ ሦስቱንም ብታወጡ ገጹ አይጠብም። የዓሣው ውፍረትና የጨው ማስጠንቀቂያው በሚቀጥለው ወር ሊወጣ ይችላል። ሌሊቱን ይደር የሚለው መሥመር ግን እስከዚያ ሳይቆይ በቀጣዩ ዕትም ቢታረም ደስ ይለኛል፤ በዚህ ቅዳሜ ማታም ዓሣ ገዝታ የምትዘፈዝፍ ሴት አትጠፋምና።

ከአክብሮት ጋር፣
ጡረተኛ የቤት አያያዝ መምህርት
ሽምብጥ፣ ባሕር ዳር